የባንግላዴሽ አዋላጅ

የደከመው ተረስቶ መጨረሻ ላይ የደረሰው ብቻ ሲመሰገን በደል ነው፤ ይመዝገብልኝ። ወደ ሆኽስት ሰፈር በሚሄደው ባቡር አንዲት ተማሪ ከፊት ለፊቴ ከተቀመጡት አያቷ አጠገብ ቆማ ነበር።

«አባባ፣ ነገ ክፍል የማቀርበው ሬፈራት፣ ማለትም የቃል ገለጻ፣ ባንግላዴሽ እንዴት ነፃ እንደወጣች ነው።»

«ህንድ ጦር ልካ ነፃ አወጣቻት በይ።»

«የባንግላዴሽ ጓደኛዬ ሴት አያት በጦርነቱ ዘጠኝ ወር ሙሉ ታጋዮችን ደብቀዋል። የህንድ ጦር የገባው መጨረሻ ላይ ነው።»

«ቢሆንም የጨረሰው እሱ ነው።»

«እርስዎንስ ማን ወለደዎት? ዘጠኝ ወር የተሸከሙዎት እናትዎ ወይስ መጨረሻ ላይ የደረሰችው አዋላጅ?»

«አንቺ ባለጌ!» ብለው ሳቁ።

«የጓደኛዬ አያት ነገ ክፍላችን መጥተው ያዳምጡኛል። ምን ልበል?»

«እሺ፣ ተረታሁ። ከእሳቸው ጀምሪ፤ አዋላጇንም አትርሺ።»

ተነስቼ መቀመጫዬን ለልጅቷ ለቀቅሁላት።