አልወርድ ያለው ጌም

ንፋስ መውጫ ከተማ ወዳለው የስልክ ጥገና ቤቴ አንዲት መምህርት የወንድሟን የእጅ ጌም መጫወቻ ይዛ መጣች። «የሚወደው ጌም አልወርድ አለኝ፤ እስቲ እየው» አለች። ወንድሟ አየነው ወደ ሳዑዲ ሲሄድ በረሃ ላይ ሞተ ተብሎ እሑድ ተዝካሩ ነው። ኔትወርኩን አየሁ፣ ሚሞሪውን አጸዳሁ፤ እምቢ አለ። በመጨረሻ ምክንያቱን ስክሪኑ ላይ አነበብኩላት፦ አካውንቱ አሁን በሌላ ስልክ ተከፍቷል፤ እዚያ ካልተዘጋ እዚህ አይወርድም።

«ስልኩን ይዞ ነው የሄደው!» አለች።

«እህቴ፣ የሰረቀው ሰው ይሆናል።»

«የሰረቀውም ቢሆን የት እንዳገኘው ያውቃል።» በዚያኛው ስልክ ላይም እንዲታይ የአካውንቱን ስም ሰርዛ «አየነው፣ አንተ ነህ?» ብላ ጻፈችበት። ስክሪኑን እያየን ጠበቅን። ያኛው ሰው ወዲያው ከአካውንቱ ወጣ፤ ጌሙም ያለ ችግር መውረድ ጀመረ።

«አቋርጠው» አለችኝ፤ «ተመልሶ ይግባ።»