ጨረቃን ለሰፈራ ያጩት የመምህር ዓለምሰገድ ታምሩ ዜና ሕይወት

የተከበራችሁ አባቶች ካህናት፣ የእድሩ አባላት፣ መምህራንና ተማሪዎች፣ ከቅርብም ከሩቅም ልትሸኟቸው የመጣችሁ ሁሉ። ከአጥሩ ውጭ የቆመችውን ባለ ሸራ መኪና ሳታዩ አልገባችሁም። ከላስታ ድረስ ያመጣኋት እኔ፣ ይህን የማነበው የሟቹ ታላቅ ወንድም ከፈለኝ ታምሩ ነኝ፤ እናታችን በመጨረሻ ሕመማቸው ጊዜ፣ ልጄን በሰው አገር ብቻውን እንዳትተወው ብለው አስምለውኝ ስለ ነበር፣ ወንድሜን ወስጄ በእሳቸው አጠገብ ላሳርፍ አስቤ ነው። የሟቹ ባለቤት ወይዘሮ ሎሚ ግን እዚሁ ይረፉ ይላሉ። ሽማግሌዎችም ትናንት ሁለታችንን ሰምተው ፍርዱን ለእኔ ስለ ተዉት፣ የወሰንኩትን ዜና ሕይወታቸው ሲያበቃ እናገራለሁ። ታናሼን አንቱ ማለት ለአፌ ባይጥመውም፣ ወግ ነውና እንደ ወጉ አነባለሁ።

መምህር ዓለምሰገድ ከአባታቸው ከአቶ ታምሩና ከእናታቸው ከወይዘሮ አማረች በ1956 ዓ.ም. በላስታ ተወለዱ። በትምህርታቸው አሥረኛ ክፍል ደርሰው ሳለ ድርቁ ገባ፤ አባታችንም በዚያው ክፉ ዘመን ስላረፉ፣ እናታችን ሁለታችንን ይዘው በ1977 ዓ.ም. ከቴፒ ወጣ ብሎ ወደሚገኝ የሰፈራ መንደር መጡ። በመኪናው ላይ የሚጫነው በእጅ የሚንጠለጠለው ብቻ ስለ ነበር፣ እናታችን ትንሽ የጤፍ ዘር በነጠላቸው ጫፍ ቋጥረው፣ የቀረውን ከምንደርስበት እናገኘዋለን ብለው ተነሡ። መምህር ኋላ ስለ ሌሎች ዓለማት ያስተማሩት ሁሉ ከዚያ ቋጠሮ የጀመረ ነው ቢባል ሐሰት አይሆንም።

ያቋረጡትን ትምህርት በሚዛን ተፈሪ ጨርሰው፣ በመምህርነት ሠልጥነው፣ በቴፒ የሳይንስ መምህር ሆነው ተቀጠሩ። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ አብዛኛው ሰፋሪ ጓዙን ጠቅልሎ ወደ አገሩ ሲመለስ፣ እናታችንና እኔም ስንመለስ፣ እሳቸው የጀመርኩት ክፍል አለኝ ብለው ቀሩ። እናታችን መኪናው ላይ ሆነው እስኪሰወሩባቸው ድረስ ዞረው ዞረው ያዩዋቸው ነበር። በበኩሌ ክፍልስ ላስታም አለ ብያቸዋለሁ፤ ዛሬም እላለሁ።

በ1985 ዓ.ም. አንድ ተመላሽ ሰፋሪ ትቶት የሄደው የቡና ማሳ ለመምህር ደረሳቸው። የጤፍ ገበሬ ልጅ ናቸውና፣ ለጤፍ ገበሬ ደግሞ በማሳ መካከል የቆመ ዛፍ ፀሐይ የሚሻማ ባላንጣ በመሆኑ፣ ከቡናው በላይ የተንሰራፉትን ዋንዛና ሰሳ አስቆርጠው ማሳውን አራቆቱት። የሸኮ ተወላጅ የሆኑት ጎረቤቶቻቸው መጥተው አዩ፣ እርስ በርሳቸውም ተያዩ፤ ሆኖም ሰውየው መምህር ስለ ሆኑ፣ አንድ ያወቁት ነገር ቢኖር ነው ብለው ምንም ሳይናገሩ ወደየቤታቸው ገቡ። በጋው ሲገባ ጥላ ያጣው ቡና ቢጫ ሆነ፣ ጠወለገ፣ ደርቆም ማገዶ ሆነ። ምነው ዝም አላችሁኝ ብለው ቢጠይቁ፣ ከመጽሐፍ ያገኙት አዲስ ዘዴ መስሎን ነው አሏቸው። ወይ ጉድ! መምህርም ሳቁ እንጂ አልተቆጡም። ከዚያ በኋላ በየዓመቱ፣ ለአዲስ ክፍል ሁሉ፣ ይህን ጥፋታቸውን ሳይተርኩና ወደ አዲስ ዓለም የገባ ሰው የቆመውን ከመቁረጡ በፊት ምን እየሠራ እንደ ቆመ ይጠይቅ ሳይሉ ትምህርት ጀምረው አያውቁም።

የጥላ ዛፍ ችግኝ ሊለምኑ በገቡበት ጎረቤት ቤት የዛሬዋን ባለቤታቸውን ወይዘሮ ሎሚን አገኙ። የወሰዱትን ችግኝ ሳይተክሉ ለሌላ ችግኝ ሲመላለሱ ነገሩ ለሁሉም ስለ ገባው፣ በ1987 ዓ.ም. በሽማግሌ ጠይቀው ተጋቡ፤ ምሕረትንና ሚካኤልንም ወለዱ። ማሳውም በአማቶቻቸው ምክር ዳግም ለማና ጥሩ ቡና የሚለቀምበት ሆነ።

በትምህርት ቤቱ ያቋቋሙትን የሌሎች ዓለማት ክበብ የማያውቅ ቴፒ ውስጥ የለም። በጨረቃ ዋልታ፣ ፀሐይ በማይደርስባቸው ጉድጓዶች ውስጥ ስላለው በረዶ፣ ከበረዶው ውኃ፣ ከውኃውም የሚተነፈስ አየርና የመንኰራኩር ነዳጅ ስለ መውጣቱ፣ የጨረቃ አፈር ተጋግሮ የቤት ጡብ ስለ መሆኑ ያስተምሩ ነበር። የከተማው ሰውም የጨረቃ ሹም የሚል ስም አወጣላቸው፤ ምሪቱ በየትኛው ቀበሌ በኩል ነው እያለ ሲቀልድባቸው፣ መጀመሪያ የምድሩን ግብር ክፈሉ ይሉት ነበር። በማርስ አፈር ሥር በረዶ መገኘቱን ሬዲዮ የተናገረ ዕለትማ ደስታቸው ወሰን አጥቶ ክፍሉን በሙሉ ሸንኮራ ጋበዙ።

ከክበቡ ሥራ የሚታወሰው የቦሎቄው ነው። የሌላ ዓለም አፈር ሕይወት የለውምና፣ መምህር ከተማሪዎቻቸው ጋር ቀዩን አፈር በበርሜል ቆልተው፣ በፕላስቲክ ጎጆ ውስጥ አንጥፈው፣ ፕላስቲኩ ላይ ያላበውን ውኃ መልሰው እያጠጡ ቦሎቄ ዘሩበት። ቦሎቄው ብቅ ይልና ይጠወልጋል፤ እንደገና ቢዘሩም ያው ሆነ። በመጨረሻ ከቤታቸው ቡና ሥር አንድ እፍኝ ሕያው አፈር አምጥተው ደባለቁበት፤ ከዚያ በኋላ የተዘራው አበበ፣ አፈራም። ሰፋሪ ሁሉን ጭኖ አይሄድም፣ ውኃውንም ጡቡንም ከሄደበት ያገኘዋል፤ ከቤቱ ግን አንድ እፍኝ ሕያው አፈር ወስዶ ከአዲሱ ጋር ካልቀላቀለ አይበቅልለትም፤ ትምህርታቸው ይህ ነበር።

በ2009 ዓ.ም. ኩላሊታቸውን ታመው በሚዛንና በጅማ ቢታከሙም አልዳኑም። በዚህ ጥር መባቻ ደውለው፣ ከእናታችን መቃብር አንድ እፍኝ አፈር ይዘህልኝ ና አሉኝ። እኔም አገራቸው ናፈቃቸው፣ ልባቸው ተመለሰ ብዬ አምላኬን አመሰገንኩ፤ አፈሩን ቋጥሬ፣ እሳቸውን የምወስድበትን መኪና ተከራይቼ ገሠገሥኩ። አፈሩን ስሰጣቸው አሽትተው አለቀሱ። ከዚያም፣ ስቀበር ከዚህ ከቴፒ አፈር ጋር ደባልቀህ አልብሰኝ አሉኝ። እኔም ተቆጥቼ ከአጠገባቸው ተነሥቼ ወጣሁ። ጥር 14 ቀን 2010 ዓ.ም. በተወለዱ በሃምሳ አራት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ።

ትናንት ከሽማግሌዎቹ ስነሣ፣ ተማሪያቸው የነበረውና ዛሬ ክበቡን በመምህርነት የሚመራው ካሊድ ወደ ፕላስቲኩ ጎጆ ወሰደኝ። ሁለት መደብ አለ። እፍኙ ያልገባበት መደብ ባዶ ነው፤ በሌላው ላይ ቦሎቄው እስከ ጉልበቴ ደርሷል። ዛሬ ደግሞ እናንተን አየሁ፤ ከሸኮውም፣ ከቤንቹም፣ ከካፋውም፣ ከእኛም አገር ሰው፣ ካህኑም ሙስሊሙም ቆማችሁ ታለቅሳላችሁ። እናታችን ያስማሉኝ ብቻውን እንዳልተወው ነው። ስለዚህ ወንድሜ እዚሁ ያርፋሉ፤ መኪናዋም ባዶዋን ትመለሳለች።

መምህር ዓለምሰገድ ባለቤታቸውን ወይዘሮ ሎሚን፣ ልጆቻቸውን ምሕረትንና ሚካኤልን፣ ያስተማሯቸውን ልጆች፣ እኔንም ወንድማቸውን ትተው አልፈዋል። እግዚአብሔር ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ አባቶቻችን አጠገብ ያኑርልን፤ ለእናንተም የድካማችሁን ዋጋ ይክፈላችሁ። አሁን ሣጥኑ ሲወርድ፣ ካህናት አባቶች ከፈቀዱልኝ፣ የእናታችንን እፍኝ አፈር አስቀድሜ እኔ አፈስሳለሁ፤ የቀረውን ከአገራችሁ አፈር እናንተ አልብሱልኝ።