የጠፋው ልጅ ድምፅ

በቆላዋ ከተማ በኮኪት፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ባጃጅ ውስጥ ተቀምጬ ስለ ወባ አጎበር በድምፅ ማጉያ ስለፍፍ አንዲት እናት ከኋላ እየሮጡ ደረሱብን። ባጃጁ ሲቆም እጄን ጨምድደው ያዙኝ። አነጋገራቸው የወሎ ነው። «አሁን የተናገርኸው አንተ ነህ?» «አዎ፣ እማማ።» «ይኸማ የልጄ ድምጥ ነው! ፊልሙን አይቼ ነው እሱን ፍለጋ የመጣሁ።» ወዲያው ገባኝ። ቴአትር ተምሬ፣ መድረክ ላይ ሠርቼ፣ ለሰሊጥ አጨዳ ወደዚህ ወርደው ስለቀሩ፣ ሳሉግ ስለሚባሉ የቀን ሠራተኞች በተሠራ ዘጋቢ ፊልም ውስጥ፣ አንድ የጠፋ ሠራተኛ ለእናቱ ሲናገር በድምፅ የተወንሁት እኔ ነኝ። አዘጋጁ ግን እውነተኛ ቅጂ እንዲመስልለት ስሜን ከፊልሙ ላይ ሰረዘው፤ ሽልማቱንም ብቻውን ወሰደ። ይህን እስከ ዛሬ ይቅር አላልሁትም።

«እማማ፣ እኔ ተዋናይ ነኝ። የሰሙት የእኔን ድምፅ ነው» አልኋቸው። «የተዋናይ ስም የለበትማ! መጨረሻው ላይ ያለውን ጽሑፍ የጎረቤት ልጅ አስነብቤዋለሁ።» እንዲያምኑኝ ንግግሩን ደገምሁላቸው፦ «እታለም፣ በሩን አትዝጊው፤ እመጣለሁ።» «እታለም» ጽሑፉ ላይ አልነበረም፤ ስንቀርጽ ድንገት ከአፌ የወጣ ነው። ሴትዮዋ ዓይናቸውን ጨፈኑ። «እታለም የሚለኝ እሱ ብቻ ነው» አሉ። ከዚያ እጄን ሳይለቁ ወደ ደረቴ ጠጋ ብለው፣ ከበር ውጭ ቆሞ እንደሚጣራ ሰው ቀስ አድርገው፣ «ልጄ፣ እዚያ ውስጥ ምን ትሠራለህ? ና ውጣ እንጂ» አሉ። ልጁ ከውስጤ እንዳይመልስላቸው ፈርቼ በሌላው እጄ አፌን ያዝሁ።