ምስማርና ብሎን

እግሩ የተነቀለ ወንበር ተሸክሜ ወደ አናጺዎቹ ማኅበር ስሄድ፣ ጋሼ ሊቀመንበርን ከወርክሾፑ ደጃፍ ግንድ ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ሥራ ጠል ሰው አይደሉም፤ በጠዋቱ መጋዝ ሳይዙ ሳያቸው አንድ ነገር እንዳለ ጠረጠርኩ። ሊቀመንበር የምንላቸው ማኅበሩን ለዓመታት ስለመሩ ነው። በቅርቡ ግን በምርጫ ተሸንፈው ወንበሩን የልጃቸው ባል ወስዶታል፤ ለእሳቸው የቀረላቸው ቅጽል ስሙ ብቻ ነው።

«እንደምን አደሩ፣ ጋሼ?»

«እግዜር ይመስገን፣ መምህር። ወንበርህን ለአዲሱ ሹም ስጠው፤ እኔን ማን ይፈልገኛል?»

ቅናት አንጀታቸውን እያሳረራቸው ነበር፤ ሊደብቁትም አልሞከሩም።

«ደንበኛው ሁሉ ገና ከበር ‘ልጁ አለ?’ ነው የሚለኝ። ቤት ስገባ ልጄ ስለ ባሏ፣ ሚስቴ ስለ አማቿ ታወራለች። መዶሻ አያያዝ ያስተማርኩት እኮ እኔ ነኝ። አሁን ስብሰባ ጠርቻለሁ። ከማኅበሩ ይሰናበት እላለሁ።»

«ምን አጠፋ?»

«አላጠፋም። በዛ» አሉኝ።

እንዲህ ያለ ነገር ስሰማ ማስተማር ይቀናኛል። «ጋሼ፣ በጥንት ዘመን ሕዝብ በድምፅ የሚተዳደርበት ከተማ ነበር። ሴቶች፣ ባሪያዎችና መጤዎች አይቆጠሩም እንጂ የቀረው ሁሉ ድምፅ ነበረው። እና ተሰብስበው የፈለጉትን ሰው፣ ያለ ክስና ያለ ጥፋት፣ በድምፅ ብቻ ከከተማው ማስወጣት ይችሉ ነበር። የተጀመረው ጉልበተኛ እንዳይነሣባቸው ነው፤ ውሎ አድሮ ግን ስሙ የገነነ ሰው ሁሉ ይፈራው ጀመር።»

«ታዲያ እኔም የምለው ይሄንኑ ነው። ሰው ስለበዛ ብልህ አይሆንም። እኔን ያወረደኝስ ማን ሆነና?»

«ስህተታቸውን ነገርኩዎ እንጂ ይድገሙት አላልኩም።»

«ስማኝ፣ መምህር። በእኔ ጊዜ ምርጫው በእጅ ነበር፤ ሁሉም በግልጽ እጁን ያወጣል። ይሄ ልጅ የኮላ ቆርቆሮ በጨርቅ ሸፍኖ አመጣና ለእኔ ምስማር፣ ለእሱ ብሎን፣ በየተራ ክተቱ አለ። ዓይን ዓይኔን እያዩ ሲመርጡኝ የኖሩ ሰዎች በጨርቅ ሥር ከዱኝ።»

«ዓይን ዓይንዎን እያዩ ስለነበር ይሆናል የመረጡዎት።»

«እኔ ማንንም አስፈራርቼ አላውቅም።»

«አላስፈራሩም። ሥራ የሚያከፋፍሉት ግን እርስዎ ነበሩ።»

«የዛሬው በእጅ ነው፤ ገብተህ እይ» ብለውኝ ተነሡ። በክርክር እንዳልረታኋቸው ገባኝ፤ ወንበሬን ይዤ ተከተልኩ።

አናጺዎቹ በተከመረው ሳንቃ ላይ ተቀምጠዋል። ጋሼ ሐሳባቸውን አቀረቡና «የሚደግፍ እጁን ያውጣ» ብለው እያንዳንዱን ሰው ተራ በተራ አዩ። እጆቹ እየዘገዩ ወጡ። ቫርኒሽ የሚቀቡት ባለቤታቸውም ያልታጠበ እጃቸውን አወጡ። በመጨረሻ ዓይናቸው ከኋላ በቆመው አማቻቸው ላይ አረፈ። እሱም አንገቱን ደፋና እጁን አወጣ።

ማንም አልሳቀም።

«አንተ ደግሞ ምን ነካህ?» አሉት ጋሼ።

«እርስዎ ጠይቀውኝ እንዴት እምቢ እላለሁ፣ አባባ?»

ሽማግሌው በወጡት እጆች መሀል ቆመው ቀሩ። ቀጥለው የተናገሩት ለራሳቸው ይመስል ነበር። «ያን ሁሉ ዓመት የወጣልኝ እጅ እንዲህ ያለ ኖሯል?»

ከዚያ ወደ አናጺዎቹ ዞሩ።

«አውርዱ» አሉ። «ቆርቆሮውን አምጡ። ይሂድ የሚል ምስማር፣ ይቆይ የሚል ብሎን።»

ሁሉም በየተራ ከጨርቁ ሥር እጁን አስገባ፤ ጋሼም አስገቡ። ቆርቆሮው ጠረጴዛው ላይ ሲገለበጥ ብሎኑ ተንከባለለ፤ በመሀሉ አንድ ምስማር ብቻ ነበር። ሰው ሁሉ ወደ ጋሼ አየና ቶሎ ብሎ ወደ ሌላ ዞረ። አንዱ ምስማሩን አንሥቶ «የማን ይሆን?» አለ።

«አስቀምጠው» አሉት ጋሼ። «የእኔ ነው ካላችሁም በልባችሁ ያዙት። ከእንግዲህ እዚህ ቤት የማን ድምፅ ነው ብሎ የሚጠይቅ ከእኔ ጋር ይጣላል። ሌላም ልጨምር፤ ሳያጠፋ በድምፅ የሚባረር ሰው አይኑር። ዛሬ እኔ በእሱ ላይ እንዳደረግኩት፣ ነገ ሌላው በእኔ ላይ ያደርገዋል።»

ይህም በብሎን ጸደቀ።

ወንበሬ ተጠግኖ ስወጣ እስከ በሩ ሸኙኝ። «ቅናቱስ፣ ጋሼ?» አልኳቸው።

«አለ እንጂ፣ የት ይሄዳል? ግን ሊቀመንበር አላደርገውም።»

እንግዲህ ምክሬ ይኸው ነው። ድምፅ መስጠት የሰውን ልብ አያጠራም፤ ብዙ ሰው ተስማምቶ ግፍ ሊሠራ ይችላል፤ በአደባባይ የወጣ እጅም ፍርሃት ሊሆን ይችላል። ፈሪው ያለ ሥጋት የሚናገርበት ጨርቅ፣ ብዙኃኑም የማይነካው ሕግ ሲኖር ግን፣ የተሸነፈ መሥሪያውን ይዞ ይቆያል፤ ያሸነፈም ነገ ሊወርድ እንደሚችል እያወቀ ይሠራል።

በማግሥቱ ርእሰ መምህራችን ሰብስቦን በእኛ ስም የወሰነውን ውሳኔ አነበበልንና «የሚቃወም አለ?» አለ። ዓይን ዓይናችንን ያየን ነበር። እኔም፣ ትናንት ስመክር የዋልኩት ሰውዬ፣ እጄን ጭኔ ላይ አድርጌ ተቀመጥኩ፤ በዚያ የኮላ ቆርቆሮ ግን አንጀቴ እስኪያር ቀናሁ።