ዘበኛው ትከሻ ላይ

ፍርድ ቤት ዘይት የነካ ጨርቅ ተይዞ ይመጣል? በደርግ ጊዜ ድሬዳዋ ፍርድ ቤት ጸሐፊ ሳለሁ፣ ኦቦ ዩሱፍ የሚባሉ ባለ ግመል ሽማግሌ በየቀጠሮው እንዲህ ይዘው ይመጡ ነበር። የከሰሱት የመሣሪያ ፈቃድ ሰጪውን ቢሮ ነው። ጠመንጃቸውን ለፈቃድ ካስረከቡ ዓመት አልፏል፤ ቢሮው ግን ፈቅጃለሁም ከልክያለሁም አይልም።

"ለምን አትወስኑም?" አሉ ዳኛው፣ የቢሮውን ኃላፊ።

"ጉዳዩ እየተጠና ነው።"

"ጠመንጃውስ የት ነው?"

ኦቦ ዩሱፍ ወደ በሩ ጠቆሙ። ለካ ኃላፊውን አጅቦ የመጣው ዘበኛ ትከሻ ላይ ተንጠልጥሏል!

ዳኛው ሳቃቸውን ዋጥ አደረጉ። "ፍቀዱ ወይም ከልክሉ፤ ብቻ በሳምንት ውስጥ ወስኑ!"

"ጌታዬ፣ ትንሽ ቀን ቢጨመርልን?" አለ ኃላፊው። "ዘበኛችን ባዶ እጁን ይቀራል።"

ስንወጣ ዘበኛው ጥይቱን አራግፎ ጠመንጃውን ለሽማግሌው ሲያቀብላቸው አየሁና ክው አልኩ። እሳቸው ግን ከአፈሙዙ እስከ ሰደፉ በጨርቃቸው ወልውለው መለሱለት።

"ምን እያደረጉ ነው?" አልኳቸው።

"አቦ፣ እነዚህ ሰዎች እስኪወስኑ እንዳይዝግብኝ ነዋ!"