ካድሬው ለባላባቱ ዋስ የሆነ ዕለት

በእኛ ጊዜ ቲያትር ማለት ጩኸት ነበር ልጆቼ። ወላሂ ጩኸት ነበር! ባላባቱ ይጮኻል፣ ጭሰኛው ያለቅሳል፣ ከዚያ ሁላችን ቡጢ ጨብጠን እንዘምራለን፣ አለቀ። ተመልካቹም አብሮ አልቅሶ፣ አብሮ አጨብጭቦ ወደ ቤቱ። አሁን ይቺ የልጅ ልጄ ሰሚራ ዩኒቨርሲቲ ቲያትር ትማራለችና "አያቴ፣ ስለ አንድ የፖለቲካ ቲያትር የሚጽፍ ጀርመናዊ ጸሐፌ ተውኔት ጥናት ሥሩ ተባልን" ብትለኝ ሳቄ መጣ። እኔ እኮ ሰውዬውን አውቀዋለሁ! ስሙ ምላሴ ላይ አልቀመጥ ይለኛል እንጂ አውቀዋለሁ። ቦሩ ሜዳ ላይ በሱ ሰበብ የሆነውን ልንገራችሁ፤ መቅጃውን ክፈቺው፣ ከፈትሽው? እሺ።

ያኔ ኮምቦልቻ ፋብሪካ የክር ማሽን ላይ ነበርኩ። በሠራተኛው የኪነት ቡድን ደግሞ ባላባት ሆኜ የምጫወተው እኔ ነኝ። ምን ትስቃላችሁ፣ ሴት ባላባት አትሆንም ያለ ማን ነው? ባላባት የሚሆነው ልጅ ግንባር ዘመተና ቦታው ባዶ ቀረ፤ የኔ ድምፅ ደግሞ ከማሽኑ በላይ ይሰማል። ባርኔጣ ደፋሁ፣ በከሰል ጢም ሳልኩ፣ በቃ ባላባት ሆንኩ።

ታዲያ የሚያለማምደን መምህር ጌታነህ የሚባል የደሴ አስተማሪ ነበር። ቀጭን ሰው፣ መነጽሩን በክር ያሰረ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ በሎንቺና አውቶቡስ ወደ ኮምቦልቻ የሚወርድ። ይኼ ሰው ስለዚያ ጀርመን ቲያትር ሁለት ዓመት ሙሉ ሂሳዊ ጥናት ሲጽፍ ኖሯል። በእረፍት ሰዓት ያነብልናል እና እኛ ደግሞ ዳቦ እየገመጥን እንሰማለን። "ጀርመኑ የሚለው፣ ተመልካች በስሜት ተውጦ ራሱን ከረሳ አያስብም ነው። ተዋናዩ 'እኔ ባላባቱ አይደለሁም፣ ባላባቱን እያሳየኋችሁ ነው' ማለት አለበት፤ ሰዉም ነቅቶ ይፍረድ" ይለናል። "አንዳንድ ሊቃውንት ግን ቲያትሩ በረዶ ነው፣ አንጀት አይበላም ይሉታል፤ እኔ ደግሞ ተሳስተዋል እላለሁ" ብሎ ጠረጴዛውን ይመታል። እኔም፣ ከማንም ጋር ሳይጣላ ከሊቃውንት ጋር ብቻ የሚጣላ ሰው ይገርመኝና ስቄ አላባራም።

እና ጥናቱ ተባዝቶ ለየኪነት ቡድኑ እንዲበተን ማኅተም ያስፈልገዋል። ማኅተሙ ያለው ካድሬው ጋ ነው። ካድሬው ወጣት ነው፣ ቦርሳውን ከብብቱ የማያወጣ፣ ሲናገር አንገቱ የሚገተር። ጥናቱን ተቀበለና "ጓድ መምህር፣ ይኼ ነገር ለሰፊው ሕዝብ ይገባዋል? እሑድ ቦሩ ሜዳ ገበሬ ማኅበሩ ፊት አሳዩኝ። ገበሬው ከገባው ማኅተሜን እመታለሁ፤ ካልገባው ወረቀቱ ወደ ምድጃ፣ አንተም ሕዝብ ስታደናግር ነበርና መልስ ትሰጣለህ" አለው። ቅጂ የለውም እኮ! ያቺው አንድ ናት፣ በታይፕ የተመታች። መምህሩ ፊቱ አመድ መሰለ።

እሑድ ደረሰና ሄድን። ሜዳው ላይ ሰዉ ግጥም ብሏል፣ ካድሬው ፊት ለፊት ወንበር ተሰጥቶታል፣ ጥናቱ ጭኑ ላይ። ጀመርን። እኔ ባላባት፣ የማሽን ጓደኛዬ ሙሄ ጭሰኛ። "አጥሬን አላጠርክም!" ብዬ የሙሄን በሬ ነዳሁበት። ሙሄም "በሬዬን፣ ዓይኔን!" እያለ ሲንፈራፈር ዞር ብዬ ብመለከት፣ ያረቢ፣ ካድሬው ከወንበሩ ጫፍ ላይ ደርሷል፣ ዓይኑ እንባ አቅርሯል፣ "አትስጠው! አትስጠው!" ይላል። ገበሬዎቹ ግን ዝም ብለው ያያሉ።

ከዚያ መምህሩ እንዳስጠናኝ ባርኔጣዬን አወለቅሁና "እኔ ዘሀራ ነኝ፣ የክር ማሽን ሠራተኛ። ይኼ ሰውዬ እንዲህ አደረገ። እናንተ ምን ትላላችሁ?" አልኩ። በልምምዱ ይኼን እንዳልኩ ወዲያው ቡጢ ይነሣል፣ መዝሙር ይጀመራል። ቡጢያችንን ልናነሣ ስንል ከሰዉ መሀል ሼህ እንድሪስ የሚባሉ ሽማግሌ ብድግ!

"ቆዩ ቆዩ! ጠየቃችሁን እኮ። ሰው ጠይቆ መልስ ሳይሰማ ይዘፍናል እንዴ?"

አገሩ ሳቀ። ሼህ እንድሪስ ሁለት ሰው ጠሩ፣ አንዱ ቄስ ናቸው፣ ሦስቱም ጋቢያቸውን አንጥፈው መድረካችን ላይ ቁጭ! "ከሳሽ ወዲህ፣ ተከሳሽ ወዲያ።" ሙሄ ያየኛል፣ እኔ መምህሩን አየዋለሁ፣ መምህሩ መነጽሩን ይጠርጋል። እኔ ከዚህ ወዲያ የምለው ቃል የለኝም እኮ! "ባላባቱ ሌባ ነው፣ ጨካኝ ነው" ብዬ ጀመርኩ።

"ያንቺን አልጠየቅንሽም" አሉኝ ሼህ እንድሪስ። "በሰውዬው አፍ ስትናገሪ ባርኔጣውን ድፊው። በራስሽ አፍ ስትናገሪ አውልቂው። እንዳታምታቺብን።"

መምህሩ ይኼን ሲሰማ ዘለለ! "ይኸው! ይኸው! ጀርመኑ ያለው ይኼ ነው!" እያለ ማስታወሻውን ከኪሱ መዞ ይጽፋል። እኔም ባርኔጣዬን ስደፋ ባላባቱን እከራከርለታለሁ፣ ሳወልቅ እረግመዋለሁ፤ ሰዉ እንዴት ደስ ብሎት! እኔ ራሴ እንደዚያ ቀን ተጫውቼ አላውቅም፣ ደሜ ሁሉ ሞቀ።

ከዚያማ "ዋስ ጥሩ" አሉ። እናንተ አታውቁት ይሆናል፣ ሽምግልና ላይ ፍርድ ከመነገሩ በፊት ሁለቱም ዋስ ይጠራሉ፤ ዋሱ "ፍርዱን ባይፈጽም እኔ አለሁ" ብሎ ቃል ይገባል። ለሙሄ ሃያ ሰው ተነሣ። ለእኔ? ማን ለባላባት ዋስ ይሆናል! ሁሉም ፊቱን አዞረ። ያኔ ሰይጣኔ መጣ ልጆቼ። ባርኔጣዬን ደፋሁና ወደ ካድሬው ሄጄ በባላባት ድምፅ "አንተ! ቤቴ የበላህ የጠጣህ፣ ዛሬ በሰው ፊት ታዋርደኛለህ?" ብዬ ብጮህበት፣ እሱ ለካ ጭልጥ ብሎ ሄዷል፣ ከወንበሩ ተስፈንጥሮ "ኧረ አላዋርድም! ዋስ ነኝ!" አላለም?

ወይ ጉድ! ሜዳው በሳቅ ተናጋ። እሱም ሳቁን ሲሰማ ነው የነቃው፤ ቁጭ አለና ቦርሳውን እቅፍ።

ሼህ እንድሪስ አልሳቁም። ፈረዱ። "በሬው ይመለስ። አጥሬ አልታጠረም ብሎ ነውና የነዳው፣ ባላባቱ የጭሰኛውን አጥር በገዛ እጁ ይጠር። አጥሮ ሲጨርስ ትከሻ ለትከሻ ይሳሳሙ፣ ይታረቁ።"

ካድሬው ዘሎ ተነሣ። "እርቅ? ከባላባት ጋር እርቅ? ይኼ የመደብ ትግል ነው! ባላባቱ መደምሰስ አለበት፣ ቲያትሩ ላይ ተጽፏል!"

እኔ ክው አልኩ፤ መምህሩን ዛሬ ይዘውት ይሄዳሉ አልኩ በልቤ። ሼህ እንድሪስ ግን ቀና ብለው አዩትና ቀስ ብለው "ልጄ፣ ፍርዱን ከቤታችሁ ጽፋችሁ ካመጣችሁ እኛን ለምን ጠየቃችሁን?" አሉት። "ደግሞ አንተ ዋስ ነህ። ባላባቱ ካላጠረ የምታጥረው አንተ ነህ" ሲሉት ያ ሁሉ ሰው "ዋስ ነው! ዋስ ነው!" ብሎ አስተጋባ።

ማታውን መምህሩ "ዘሀራ፣ አለቀልኝ፣ ያቃጥላታል" ይለኛል። "አብሽር" አልኩት። "ያቃጠለ እንደሆን አለቆቹ ለምን ብለው ይጠይቃሉ፤ ቦሩ ሜዳ የሆነውን ይሰማሉ፤ ካድሬ ሆኖ ለባላባት ዋስ መሆኑን ምን ብሎ ያስረዳቸዋል? ይልቅ አንድ ገጽ ጨምር። ያየኸውን ጻፍ፤ ሲያነበው እሱም ይገባዋል።" እምቢ አለ፣ ፈራ። እኔ ደግሞ አልለቅም! ቁጭ ብዬ አጻፍኩት።

ሰኞ ቢሮው ገባን። ካድሬው ቀና ብሎ አላየንም፣ ጥናቱ ፊቱ ተዘርግቷል። መምህሩ አዲሱን ገጽ ሰጠው። መጨረሻው ላይ እንዲህ ይላል፦ "ከዚያ ሁሉ ተመልካች ጨዋታ መሆኑን የረሳ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እርሱም ፊተኛው ወንበር ላይ የተቀመጠው ነው።" አነበበው። ደግሞ አነበበው። ጆሮው ቀላ። ካድሬው መሳቢያውን ሳበ፣ ማኅተሙን አወጣ፣ እፍ እፍ አለበትና እዚያችው ዓረፍተ ነገር ላይ ጧ! ደገመው፣ ጧ! ሠለሰው። ወረቀቱ ወይን ጠጅ እስኪሆን፣ አንድ ፊደል እንኳ እስከማይነበብ ድረስ መታው።

"ተፈቅዷል" አለ። "ውጡልኝ።"

ሰሚራ፦ "ታዲያ አያቴ፣ ያቺ ዓረፍተ ነገር ጠፍታ ቀረች ማለት ነው?"

"ምን ትጠፋለች! ጥናቱ ከነማኅተሙ ተባዝቶ ሲበተን፣ በደሴ በኮምቦልቻ ያለ የኪነት ቡድን ሁሉ 'ከማኅተሙ ሥር ያለው ምንድን ነው?' እያለ ወደ እኔ መጣ እንጂ! ሃሃሃ! ያቺን አንድ መስመር ባይሸፍናት ኖሮ ያን ሁሉ ጥናት ማን ያነበው ነበር!"