ሲነጉድ ማጭድ የምናወጣ ሰዎች

ያለ አስተማሪ ማንበብ የተማርኩ፣ አገሩ ሁሉ ደብዳቤ የሚያስነብበኝ ሰው ነኝ። አንድ ክረምት ከአምባ ጊዮርጊስ ወደ ጎንደር በአውቶቡስ ስንወርድ፣ ከፊቴ አንዲት ሴትና ታላቅ ወንድሟ ይጨቃጨቁ ነበር። ወንድሟ ዓይኑን ሊታከም በማግስቱ ከአዘዞ ወደ አስመራ ሊበር ነው። ውጪ ሰማዩ ይነጉዳል።

«አልሳፈርም።»

«ምነው አያ?»

«ሲነጉድ ብረት መብረቅ ይጠራል ብለን ማጭዱን ከቤት አውጥተን እየጣልን፣ እኔ ብረት ውስጥ ተቀምጬ ደመና ልግባ?»

«አብራሪው ደመናውን ይዞረዋል። አውሮፕላኑን ቢመታውም መብረቁ በላዩ ሄዶ ያልፋል አሉ።»

«ማን አለ?»

«በርረው የተመለሱት።»

«ያልተመለሱትስ?»

«ኧረ ደከመኝ፣ አያ። ይህ የተሳፈርንበት ማኪናስ ከምን ተሠራ?»

ቀና ብሎ ጣሪያውን አየ።

«ከብረት። እንግዲያ ነገም ከጎኔ ትቀመጫለሽ።»

«እቀመጣለሁ።»

ወፍጮ የጠገንኩ፣ ሰዓት ፈትቼ የገጠምኩ፣ ጣልያንኛ በጆሮዬ የለቀምኩ እኔ፣ ሰንጢዬን ከኪሴ አውጥቼ ቀስ ብዬ ከመቀመጫው ሥር አኖርኩ።